ኳሷ የት ናት? ስንት ለስንት ነው?

እህቴ፣ ጥያቄሽን ሁለቴ አነበብኩት። ዕድሜሽ 21 ነው፣ ድሬዳዋ ሳቢያን ነው የምትኖሪው፣ ጋዜጠኝነት አልተማርሽም። ኳስ ትወጃለሽ፣ ሰው ሁሉ «ድምፅሽ ያምራል» ይልሻል። ጨዋታ በቀጥታ የምታስተላልፍ ኮሜንታተር ለመሆን ከየት ልጀምር፣ የግድ አዲስ አበባ መግባት አለብኝ ወይ ነው ያልሽው። እኔ ከድሬ ሳልወጣ ይህን ሥራ 16 ዓመት ሠርቼዋለሁ። ሀብታም አላደረገኝም። ታዋቂም አላደረገኝም፣ ከታች ታዪዋለሽ። ግን አልተውኩትም። ረዘም ስለሚል ቡናሽን ይዘሽ አንብቢው።

መጀመሪያ የድምፅሽን ነገር ተይው። የምሬን ነው አቦ! ድምፅ ያለው ሰው ድሬ ላይ ሞልቷል። ታይዋን ገበያ ቆሞ ለጫማው ገዢ የሚጣራው ልጅ ከእኔ እጥፍ የሚሻል ድምፅ አለው። ሥራው ማየት ነው። ያየሽውን ደግሞ ላላየው ሰው ማሳየት።

እኔ ይህን ሥራ መጀመሪያ ያየሁት አጎቴ ላይ ነው። ኮተን፣ ማለት የድሬው ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ነበር የሚሠራው። የኮተን ቡድን ድሮ የኢትዮጵያ ሻምፒዮን ይሆን ነበር፤ ለዛሬ ልጆች ብትነግሪያቸው አያምኑሽም። በ1968 ዓ.ም. አገራችን የአፍሪካ ዋንጫን ስታዘጋጅ አንደኛው ምድብ እዚሁ ድሬ ነበር የተጫወተው። ሞሮኮ፣ ናይጄሪያ፣ ሱዳንና ዛየር። አጎቴ ገብቶ አይቷል። እኔ ገና አልተወለድኩም። ግን ሲያወራው በርጩማውን ግብ ያደርጋል፣ የቡና ስኒዎቹን ተከላካይ ያደርጋል፣ ኳሷ ከማን ተነስታ ማን ጋ እንደደረሰች እያንቀሳቀሰ ያሳየናል። «በጣም የሚያምር ጨዋታ ነበር» ብሎ አያውቅም። የሚያምር መሆኑን እኛ ነን የምንለው። ያ ነው ኮሜንታተርነት።

አሁን የራሴን ቅሌት ልንገርሽ።

ሬዲዮ ላይ ማስተላለፍ በጀመርኩ በሁለተኛው ዓመት ገደማ፣ ከሳቢያን ወደ ከዚራ በባጃጅ እየሄድኩ ነው። ሾፌሩ ሬዲዮ ከፍቷል። የሚሰማው ደግሞ የእኔ ድምፅ! ከአንድ ቀን በፊት ያስተላለፍኩት ጨዋታ ተቀድቶ በድጋሚ እየቀረበ ነው። አልዋሽሽም፣ ደስ አለኝ። ፀጥ ብዬ ራሴን ማዳመጥ ጀመርኩ። ስለ ሙቀቱ አወራሁ። ስለ ደጋፊው ጭፈራ አወራሁ። አሰልጣኙ ምን እንደለበሰ ሳይቀር ተናገርኩ። ሾፌሩ ዞር ብሎ «ወንድም፣ ስንት ለስንት ነው ግን?» አለኝ። እኔ መሆኔን አላወቀም። «አሁን ይናገራል» አልኩት። ከዚራ እስክንደርስ ራሴን ጠበቅኩት፤ አልተናገረም። ስወርድ «ሁለት ለአንድ ድሬ እየመራች ነው» ስለው «በምን አወቅክ?» ብሎ ተገረመ።

የሬዲዮ አድማጭ እንደዚህ ሾፌር ነው። ከመጀመሪያው አይጀምርም። መንገድ ላይ ይከፍተዋል፣ ደንበኛ ሲመጣ ይቀንሰዋል፣ በርጫ ላይ ወሬው ሲደምቅ ይረሳውና ይመለሳል። ስለዚህ ውጤቱንና ደቂቃውን እስኪሰለችሽ ድረስ ተናገሪ። አንቺን እንጂ እሱን አይሰለቸውም። ሬድ ባርበር የሚባል የድሮ አሜሪካዊ የቤዝቦል አስተላላፊ ነበር፤ ፊቱ እንቁላል ሲቀቀል ጊዜ የሚለኩባትን የሦስት ደቂቃ የአሸዋ ሰዓት ያስቀምጥ ነበር። አሸዋው ባለቀ ቁጥር ይገለብጣትና ውጤቱን ይናገራል። እኔ ስልኬን በየሦስት ደቂቃው እንዲነዝረኝ አድርጌ ኪሴ ውስጥ ከተትኩት። መጀመሪያ ያናድዳል። በኋላ ያለ ስልኩም ይመጣልሻል።

ከውጤቱ ቀጥሎ የኳሷ ቦታ ነው። ቢቢሲ ለመጀመሪያ ጊዜ የእግር ኳስ ጨዋታ በሬዲዮ በቀጥታ ሲያስተላልፍ፣ እንደ ፈረንጆቹ በጥር 1927፣ አርሰናል ከሼፊልድ ዩናይትድ ነበር፤ ሜዳውን በስምንት ባለ ቁጥር ሳጥን ከፍሎ ሥዕሉን በመጽሔት አትሞ ነበር። አንዱ ጨዋታውን ሲያወራ ሌላው ኳሷ ያለችበትን የሳጥን ቁጥር ይጠራል። አድማጩ ወረቀቱን ይዞ ይከተላል። አንቺ ሳጥን አያስፈልግሽም። «በክቡር ትሪቡን በኩል፣ ከመሐል ሜዳ አለፍ ብሎ» ካልሽ የድሬ ሰው ገብቶታል። ባዶ ጩኸት አታብዢ እንጂ። «አደገኛ ኳስ! አደገኛ ኳስ!» ብቻ የሚል ኮሜንታተር ስሰማ ሬዲዮውን መስበር ያምረኛል። የት ነው አደገኛው?

ስም ላይ ደግሞ ቀልድ የለም። አንድ ጊዜ በግርግር የተገባ ግብ ለሌላ ልጅ ሰጠሁ። ሁለቱም ቁመታቸው አንድ ነው፣ ፀጉራቸው አንድ ነው፣ ማልያው በላብ ተጣብቆ ቁጥሩ አይታይም። ስህተቴን ያወቅኩት ከአሥር ደቂቃ በኋላ ነው፤ አርሜ አለፍኩ። በነጋታው ገንደ ቆሬ ውስጥ አንዲት እናት መንገድ ላይ አስቆሙኝ። «አንተ ነህ አይደል የሬዲዮው?» አሉኝ። «አዎ እማማ» አልኳቸው። «የእኔ ልጅ አግብቶ የሰው እናት እልል አለች» አሉኝ። እየሳቁ ነው ያሉኝ፤ እኔ ግን ያን ቀን ራት አልበላሁም።

ከዚያ ወዲህ ጨዋታው ከመጀመሩ ከአንድ ሰዓት ተኩል በፊት እደርሳለሁ። አሰላለፉን ከጨዋታው ኮሚሽነር እቀበላለሁ። ከዚያ ሲያሟሙቁ ቆሜ አያለሁ። ቁጥሩን ሳይሆን አረማመዱን ነው የማየው፤ ማን በግራ እግሩ ይመታል፣ ማን ካልሲውን ዝቅ ያደርጋል፣ የማን ጫማ ቢጫ ነው። አንድ ቡድን ውስጥ ሦስት ዳዊት አይጠፋም፤ ያኔ የአባት ስም ግድ ነው። ከጋና ወይም ከናይጄሪያ የመጣ ተጫዋች ካለ ሄደሽ ራሱን «ስምህ እንዴት ነው የሚጠራው?» በይው። ደስ ይለዋል። አንድ ካርቶን ላይ ሁለቱን ቡድን እንደ አሰላለፋቸው በትልቁ ጻፊ፣ ተቀያሪዎቹን ከሥር። ወረቀት አይሁን፣ የድሬ ንፋስ ይወስደዋል።

አሁን «ከየት ልጀምር» ወዳልሽው ልምጣ። ከሰፈር ውድድር ጀምሪ። ክረምት ላይ የማይካሄድበት ቀበሌ የለም። ድምፅ ማጉያ አለ፣ የሚይዘው ሰው የለም፤ ወይ የሚይዘው ሰው ስፖንሰር ያደረገውን ሱቅ ስም ብቻ ነው የሚጠራው። ሂጂና «እኔ ላስተላልፍ» በይ። በነፃ ነው፣ ለስላሳ ይገዙልሻል። የሰፈር ሜዳ ጥቅሙ የምታወሪለት ሰው ጨዋታውን እያየው መሆኑ ነው። ስትሳሳቺ ወዲያው ይጮህብሻል። ከዚህ የተሻለ ትምህርት ቤት አላውቅም። ኦሮምኛ ወይም ሶማሊኛ ከቻልሽ ደግሞ ቀላቅይ፤ ይሄ አዲስ አበባ ያለ ተወዳዳሪሽ የሌለው ሀብት ነው።

እኔ ሁለተኛው ደረጃዬ የስልክ ዘገባ ነበር። ሐረር ቢራ ፕሪሚየር ሊጉ ውስጥ በነበረበት ዘመን በሚኒባስ ደንገጎን ወጥቼ ሐረር እሄድና አዲስ አበባ ላለ ጣቢያ በስልክ የአንድ ደቂቃ ዘገባ እሰጥ ነበር። አንድ ደቂቃ! ግን በአንድ ደቂቃ ውስጥ ውጤት፣ ያገባው፣ ደቂቃው፣ እንዴት እንደገባ፣ ቀይ ካርድ ካለ። ያ ነው ቋንቋዬን ያሳጠረልኝ። ክፍያው የትራንስፖርቱን አይሸፍንም። አንድ ጣቢያ፣ ስሙን አልጠራም፣ ሰባት ወር አሠርቶኝ ሳንቲም ሳይሰጠኝ ቀርቷል። ከዚያ በኋላ ያለ ወረቀት ሠርቼ አላውቅም፤ አንቺም እንዳትሠሪ።

ሦስተኛው ነገር ማንም የማይነግርሽ ነው። እዚህ አገር ኤፍ ኤም ላይ የምትሰሚያቸው አብዛኞቹ የስፖርት ፕሮግራሞች በተባባሪ አዘጋጅ የሚሠሩ ናቸው። የአየር ሰዓቱን ከጣቢያው ትገዣለሽ፣ ማስታወቂያ ራስሽ ታመጫለሽ፣ የተረፈው ያንቺ ነው። የማይተርፍበት ወር አለ። ስለዚህ ኮሜንታተር ልሁን ብለሽ ስትገቢ ግማሹ ሥራ ከሱቅ ሱቅ መዞር መሆኑን እወቂ። እኔ ሰኞ ስፖንሰር ስለምን፣ እሑድ ሜዳ ላይ ስጮህ ነው የኖርኩት። በመሐል ሠርግ ላይ መድረክ እመራለሁ፣ የቤት ኪራዩን የሚከፍለው እሱ ነው። ጋዜጠኝነት ብትማሪ አይጎዳሽም፤ ግን እስክትጨርሺ ብለሽ አትጠብቂ።

ከክለብ ጋር ስላለሽ ቅርበትም ተጠንቀቂ። በቡድኑ አውቶብስ መሄድ ይመቻል፣ አበልም ይሰጡሽ ይሆናል። ከዚያ በኋላ ግን በረኛው የማይረባ ግብ ሲገባበት አፍሽ ይታሰራል። ሁላችንም የድሬ ልጆች ነን፣ ድሬ ስታገባ ድምፄ ከፍ ይላል፣ አልደብቅም። የተጋጣሚው ግብ ግን ግብ ነው። እኩል ባትጮሂለትም በስሙ ጥሪው።

ስቱዲዮ ቁጭ ብሎ ከቴሌቪዥን እያዩ የእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግን ማስተላለፍም አለ፤ ብዙ ወጣት በዚያ ይጀምራል። እኔ አልወደውም፣ ምክንያቱም ካሜራው ያሳየሽን ብቻ ነው የምታዪው። ደግሞ ጉድ ያመጣል። አንድ ምሽት መብራት ጠፋ፣ የጣቢያው ጀነሬተር ማይኩን መለሰልኝ፣ ዲኮደሩ ግን በሌላ መስመር ስለነበር ምስሉ ቀረ። ዝም ማለት ፈራሁ። ተከላካዮቹን ኳስ አስያዝኳቸውና እርስ በርስ አቀባበልኳቸው። አራት ደቂቃ! ምስሉ ሲመለስ አንድ ለዜሮ ሆኗል። በኋላ ፕሬዚዳንት የሆነው ሮናልድ ሬጋንም እንደ ፈረንጆቹ በ1930ዎቹ በአዮዋ ሬዲዮ ቤዝቦል ሲያስተላልፍ እንዲህ ገጥሞታል። ሜዳ ሳይሄድ በቴሌግራፍ የሚመጣለትን እያነበበ ነበር፤ መስመሩ ሲቋረጥ ተጫዋቹን ኳሷን ደጋግሞ ወደ ውጭ አስመታው። እሱ ምርጫ አሸንፎ ዋይት ሀውስ ገባ፣ እኔ ግን ለአንድ ወር በሰፈሩ ተሳቀብኝ። ምስል ሲጠፋ «ምስል ጠፍቶብናል» በይ፣ አበቃ።

አዲስ አበባ ግድ ነው ወይ ላልሽው፣ ለቴሌቪዥን ሥራ ወደዚያ ማየትሽ አይቀርም። ለመማር ግን አይደለም። በ2013 ዓ.ም. ሊጉ በኮሮና ወረርሽኝ ምክንያት በአምስት ከተሞች ሲካሄድ ድሬ አንዷ ነበረች። ክለቦቹ ሁሉ በራችን ድረስ መጡ፣ ጨዋታውም በዲኤስቲቪ በአማርኛ ይተላለፍ ነበር። እኔ ጠዋት ልምምዳቸውን አያለሁ፣ ከሰዓት ጨዋታውን፣ ማታ ደግሞ ቀርጬ ያስቀመጥኩትን የቴሌቪዥን ኮሜንታተሮች ድምፅ እሰማለሁ። ያኔ ነው ልዩነቱ የገባኝ። በቴሌቪዥን ኳሷ የት እንዳለች ማንም ያያል፤ ስምና ምክንያት ብቻ ነው የሚጨመረው፣ ዝምታም ሥራ ነው። የሬዲዮ ሰው ቴሌቪዥን ላይ ሲገባ መጀመሪያ የሚሰማው ትችት «ብዙ ያወራል» የሚል ነው።

ሩጫንም ችላ አትበይ። ኢትዮጵያዊ ኮሜንታተር ሆኖ አሥር ሺህ ሜትር ማስተላለፍ የማይችል ሰው ጎዶሎ ነው። 25 ዙር ነው፤ ሃያው ላይ ምንም የማይሆን ይመስላል፤ የእያንዳንዱን ሺህ ሜትር ሰዓት ካልያዝሽ የምትናገሪው ያልቅብሻል። የሲድኒውን የኃይሌንና የቴርጋትን ሩጫ ድምፁን አጥፍተሽ ለራስሽ አስተላልፊው። በ9 መቶኛ ሰከንድ ብቻ ነው የተለያዩት። መጨረሻው መቶ ሜትር ላይ ትንፋሽ ተርፎሽ እንደሆነ ታውቂያለሽ። እኔ መጀመሪያ ስሞክረው አልተረፈኝም። የድሮውን ኮሜንታተር ደምሴ ዳምጤን እየሰማ ላደገ ሰው ነውር ነው።

«ለሴት ይከብዳል» የሚልሽ ይኖራል። ሜዳው ላይ የሚሳደብ ደጋፊ አለ፣ እኔንም ሰድቦኛል። ጓደኛሽን ይዘሽ ሂጂ፣ በጊዜ ግቢ፣ ካርቶንሽን ያዢ። ስሞቹን በትክክል ስትጠሪ አፉን የሚይዘው ራሱ ደጋፊው ነው።

እስኪ በዚህ እሑድ ጠዋት አጠገብሽ ያለ ሜዳ ሂጂ፣ የማታውቂያቸው ልጆች የሚጫወቱበት ቢሆን ይሻላል። አንዱን አጋማሽ ስልክሽ ላይ እያወራሽ ቅጂ። ማንም እንዳይሰማሽ ዳር ቁሚ፣ ውሃ ያዢ። የቀዳሽውን ቴሌግራም ላይ ላኪልኝ። ስለ ድምፅሽ አንድ ቃል አልናገርም። ውጤቱን ስንት ጊዜ እንደተናገርሽ ግን ቆጥሬ እነግርሻለሁ።