የአንባቢያን ጥያቄና መልስ፦ የምድርን ውስጥ ለማጥናት የትኛው መጽሐፍ ይሻላል?

በ2017 ዓ.ም. በአዋሽ ፈንታሌ አካባቢ ምድር ደጋግማ ከተንቀጠቀጠች ወዲህ ስለ ጂኦፊዚክስ (ምድርን በፊዚክስ ዘዴ ስለሚያጠናው ሳይንስ) የሚጠይቁን አንባቢዎች በርክተዋል። በዚህ እትም ከጎንደር የመጡ አራት ጥያቄዎችን መርጠናል። አራቱም ስለ መጻሕፍት ናቸው።

ጥያቄ፦ በጎንደር ዩኒቨርሲቲ የፊዚክስ 3ኛ ዓመት ተማሪ ነኝ። ሁለተኛ ዲግሪዬን በጂኦፊዚክስ መቀጠል እፈልጋለሁ። የሚጠቁሙኝ መጻሕፍት ግን በዝተው ግራ አጋቡኝ። አቅሜ የሚፈቅደው አንድ መግዛት ብቻ ነው። የቱን ልያዝ?

መልስ፦ ከመግዛትዎ በፊት ጂኦፊዚክስ ሁለት ጎራ እንዳለው ይወቁ። አንደኛው ከቅርፊቱ እስከ እምብርቱ ድረስ የምድርን ውስጥ የሚያጠናው ነው። ሁለተኛው ውሃ፣ ማዕድንና ነዳጅ ለመፈለግ የላይኛውን ክፍል ብቻ የሚመረምረው ነው። ርዕሳቸው ስለሚመሳሰል ብዙ ተማሪ የማይፈልገውን ገዝቶ ይቆጫል። ርዕሱ ላይ «አፕላይድ» ወይም «ኤክስፕሎሬሽን» የሚል ካዩ ሁለተኛው ጎራ ነው።

አንድ ብቻ ከሆነ የዊሊያም ላውሪን «ፈንዳሜንታልስ ኦፍ ጂኦፊዚክስ» ይያዙ። ሁለቱንም ጎራ ይዳስሳል፤ መልመጃዎችም አሉት። እ.ኤ.አ. በ2020 ሦስተኛ እትሙ ወጥቷል፤ የ2007ቱን ሁለተኛ እትም በርካሽ ካገኙ ግን አያመንቱ፤ ለጀማሪ ከበቂ በላይ ነው። በዚህ እትም ምዕራፍ 1ን ፈጠን ብለው ያንብቡና ምዕራፍ 2 ላይ፣ ማለትም የስበት ኃይል ላይ፣ ጊዜ ይውሰዱ። ምዕራፍ 3 የመሬት መንቀጥቀጥ ሞገዶችን የያዘ ነው፤ ብዙዎች የሚያቆሙትም እዚያ ነው። ምክንያቱም ገና ሲጀምር ስትሬስና ስትሬን (በአካል ላይ የሚያርፈው ጫናና የሚያስከትለው የቅርጽ ለውጥ) በሂሳብ ቋንቋ ይመጣሉ። ፓርሻል ዴሪቬቲቭና ቬክተር ካልኩለስ ከተረሳዎ የዚሁ ደራሲ «ኤ ስቱደንትስ ጋይድ ቱ ጂኦፊዚካል ኢኩዌሽንስ» (እ.ኤ.አ. 2011) እያንዳንዱን ቀመር ደረጃ በደረጃ ያወጣልዎታል።

ቀጥሎ ከቤተ መጻሕፍት ወይም ከጓደኛ ሊዋሱት የሚገባው የፎውለር «ዘ ሶሊድ ኧርዝ» ሁለተኛ እትም ነው። ከሱ ምዕራፍ 4፣ 5፣ 7 እና 8ን በቅደም ተከተል ያንብቡ፦ ሞገድ፣ ስበት፣ ሙቀት፣ ከዚያ ጥልቁ የምድር ክፍል። የሙቀቱን ምዕራፍ የሚዘል ሰው ማንትል (በቅርፊቱና በእምብርቱ መካከል ያለው የምድር ክፍል) ጠጣር ሆኖ ሳለ ለምን እንደሚፈስ ፈጽሞ አይገባውም። በሞገድ ላይ ብቻ መግፋት ከፈለጉ የስታይንና የዋይሴሽን «አን ኢንትሮዳክሽን ቱ ሳይስሞሎጂ፣ ኧርዝክዌክስ፣ ኤንድ ኧርዝ ስትራክቸር» (እ.ኤ.አ. 2003) አለ፤ እሱን ሲያገኙ ከመጨረሻው የሂሳብ አባሪ ይጀምሩ። የአኪና የሪቻርድስ «ክዋንቲቴቲቭ ሳይስሞሎጂ» ታላቅ ሥራ ነው፤ ለአሁኑ ግን አይንኩት። የተርኮትና የሹበርት «ጂኦዳይናሚክስ» ደግሞ መልመጃዎቹን በጽሑፉ መሀል ስለሚያስገባ እርሳስ ይዞ ለሚያነብ ሰው እጅግ ይጠቅማል።

መልመጃዎቹን የሚኖሩበትን አገር ቁጥር እያስገቡ ይሥሩ። ለምሳሌ የጎንደርን ከፍታ 2,100 ሜትር ይውሰዱ። ከፍ ባልን ቁጥር ስበት በየሜትሩ 0.3086 ሚሊ ጋል (ሚሊ ጋል የስበት መለኪያ ነው) ይቀንሳል፤ ስለዚህ ልኬቱን ወደ ባሕር ጠለል ለማምጣት 648 ሚሊ ጋል ይጨመርበታል። ከእግራችን በታች ያለው ድንጋይ ደግሞ እፍጋቱ በኩብ ሴንቲ ሜትር 2.67 ግራም ቢሆን በየሜትሩ 0.112 ሚሊ ጋል ይስባል፤ ስለዚህ 235 ሚሊ ጋል ይቀነሳል። ተማሪ ዘወትር የሚሳሳተው ምልክቱን በማገላበጥ ነው። ሌላው ስሕተት ከፍታን በስልክ መለካት ነው፤ ስልኩ 10 ሜትር ቢሳሳት ውጤቱ ወደ 2 ሚሊ ጋል ይዛባል። ወደ ስሜን ገደል ተጠግቶ የሚለካ ሰው ደግሞ የመልክዓ ምድር ማስተካከያ ካልጨመረ ቁጥሩ ዋጋ የለውም።

ከዚያ አንድ እርምጃ ይቀጥሉ። የቅርፊቱን እፍጋት 2.8፣ የማንትሉን 3.3 ብለው የ2,100 ሜትሩን ደጋ የሚሸከም «ሥር» ያስሉ፤ ወደ 12 ኪሎ ሜትር ይወጣል። በባሕር ጠለል ላይ ያለውን ቅርፊት 35 ኪሎ ሜትር ብንለው፣ ከደጋው 2.1 ኪሎ ሜትር ከፍታ ጋር ድምሩ 49 ያህል ነው። በሰሜን ምዕራብ ደጋችን ስር በመሬት መንቀጥቀጥ ሞገድ የተለካው ውፍረት ከ40 ኪሎ ሜትር በላይ በመሆኑ ስሌቱ ከእውነታው ብዙ አልራቀም። ሆኖም ይህ ስሌት ማንትሉ በሁሉም ቦታ እኩል ቀዝቃዛ ነው ብሎ ይነሳል። ከኢትዮጵያ ስር ያለው ማንትል ግን ሙቅ ነው፤ ሙቅ ደግሞ ቀላል ነውና ከደጋው ከፍታ የተወሰነውን እሱ ይሸከማል። መጽሐፉ «ኤሪ» (ደጋውን የሚሸከመው ሥር ነው የሚለው) እና «ፕራት» (የሚሸከመው የእፍጋት ልዩነት ነው የሚለው) ብሎ የሚለያቸው ሁለት ሐሳቦች እዚህ ላይ ነፍስ ይዘራሉ።

አሮጌ እትም ካገኙ መለኪያዎቹን ልብ ይበሉ። «ጋማ» የተባለው የመግነጢስ መለኪያ ናኖ ቴስላ ነው፤ አንድ ኪሎ ባር 0.1 ጊጋ ፓስካል ነው። የድንጋይ መግነጢሳዊ ተቀባይነት በአሮጌው መለኪያ ከተጻፈ ወደ አዲሱ ለማምጣት በ12.57 ይባዛል፤ ይህን የረሳ ሰው መልሱ ከአሥር እጥፍ በላይ ይሳሳትበታል።

ፎቶ ኮፒ ለማስነሳት ካሰቡም አንድ ነገር ይጠንቀቁ። የማንትል ምስሎች ቀይና ሰማያዊ ናቸው፤ ቀዩ ሞገድ የሚዘገይበት፣ ሰማያዊው የሚፈጥንበት ነው። በጥቁርና ነጭ ሲነሳ ሁለቱም አንድ ዓይነት ግራጫ ይሆኑና ምስሉ ምንም አይናገርም። እነዚያን ገጾች ብቻ በቀለም ያስነሱ።

ጥያቄ፦ የ12ኛ ክፍል ተማሪ ነኝ፤ አዘዞ ነው የምኖረው። መምህራችን የምድር እምብርት ብረት ነው አሉን። ማንም ሳይደርስበት በምን ታወቀ? ሂሳብ ያልበዛበት መጽሐፍም ጠቁሙኝ።

መልስ፦ እኅታችን፣ ግማሹን መልስ ራስሽ በካልኩሌተር ታገኚዋለሽ። የምድር አማካይ እፍጋት በኩብ ሴንቲ ሜትር 5.51 ግራም ነው። በእጃችን የምናነሳቸው ድንጋዮች ከ2.7 እስከ 3.3 ናቸው። ስለዚህ ከታች በጣም የከበደ ነገር የግድ አለ። የምድር ሬዲየስ 6,371 ኪሎ ሜትር፣ የእምብርቱ 3,480 ነው። 3,480ን ለ6,371 አካፍለሽ ውጤቱን ሦስት ጊዜ በራሱ ስታባዢው 0.163 ይመጣል፤ ይህ እምብርቱ ከምድር ይዘት የያዘው ድርሻ ነው። ቀሪው 0.837 በአማካይ 4.45 ቢሆን እምብርቱ ወደ 11 መሆን አለበት። በዚያ ግፊት ይህን ያህል ሊከብድ የሚችልና በሕዋ ውስጥ በብዛት ያለ ብረት አይረን ነው፤ ጥቂት ኒኬልና ቀለል ያሉ ንጥረ ነገሮች ተቀላቅለውበታል።

ሌላውን ግማሽ የነገሩን የመሬት መንቀጥቀጥ ሞገዶች ናቸው። ኤስ ሞገድ (ወደ ጎን እያወዛወዘ የሚሄደው) በፈሳሽ ውስጥ አያልፍም፤ 2,891 ኪሎ ሜትር ጥልቀት ላይ ሲደርስም ይቆማል። ፒ ሞገድ (እየገፋና እየሳበ የሚሄደው) ያልፋል፤ ነገር ግን ፍጥነቱ በሰከንድ ከ13.7 ወደ 8.1 ኪሎ ሜትር ይወርዳል። ስለዚህ ውጫዊው እምብርት ፈሳሽ ነው። በውስጡ ጠጣር እምብርት እንዳለ የለየችው ዴንማርካዊቷ ኢንገ ሌማን ናት፤ ግኝቷን ያሳተመችው እ.ኤ.አ. በ1936 ነው።

ለመጽሐፉ፣ የላውሪ ትንሿ «ጂኦፊዚክስ፦ ኤ ቬሪ ሾርት ኢንትሮዳክሽን» (እ.ኤ.አ. 2018) ላንቺ የተጻፈች ትመስላለች። ዩኒቨርሲቲ ስትገቢ ደግሞ የዶን አንደርሰን «ቲዎሪ ኦፍ ዘ ኧርዝ» (እ.ኤ.አ. 1989) አለልሽ፤ የካሊፎርኒያ ቴክኖሎጂ ኢንስቲትዩት በነፃ የሚያወርዱት አድርጎ አስቀምጦታል። ለአሁኑ የጥልቀት፣ የፍጥነትና የእፍጋት ሰንጠረዦቹን መመልከት ብቻ ብዙ ያስተምርሻል።

ጥያቄ፦ ጉድጓድ ውሃ በሚቆፍር ድርጅት ቴክኒሻን ነኝ። ሬዚስቲቪቲ (መሬቱ የኤሌክትሪክ ከረንትን ምን ያህል እንደሚቋቋም) እንለካለን፤ ግን ዝቅተኛ ቁጥር ያገኘንበት ቦታ ደረቅ ሆኖ ያውቃል። የሚረዳኝ መጽሐፍ የትኛው ነው?

መልስ፦ ለርስዎ የሚሆነው ሁለተኛው ጎራ ነው። የኪሪ፣ የብሩክስና የሂል «አን ኢንትሮዳክሽን ቱ ጂኦፊዚካል ኤክስፕሎሬሽን» ሦስተኛ እትም ምዕራፍ 8ን ያንብቡ። ለመስክ ኪስ የሚሆነው የጆን ሚልሰም «ፊልድ ጂኦፊዚክስ» ነው። ሂሳቡ ከከበደዎ የመሴትና የካን «ሉኪንግ ኢንቱ ዚ ኧርዝ» ይሻላል።

ደረቅ ጉድጓዱን በተመለከተ፣ ዝቅተኛ ሬዚስቲቪቲ ማለት ውሃ ማለት አይደለም። በጎንደር ዙሪያ ያለው ባዛልት ሲበሰብስ ሸክላ ይሆናል፤ ሸክላ ቁጥሩን ያወርዳል፣ ውሃ ግን አይለቅም። የሚፈለገው የተሰነጣጠቀ ባዛልት ቁጥሩ ከሸክላው ከፍ፣ ካልተነካው ድንጋይ ዝቅ ያለ ነው። ልኬቱን ሁልጊዜ በቅርብ ከተቆፈረ ጉድጓድ መዝገብ ጋር ያስተያዩት። ቀጭን ሽፋን ሲሆንማ ውፍረቱ እጥፍ፣ ሬዚስቲቪቲውም እጥፍ ቢሆን ግራፉ ያው ሊመስል ይችላል፤ ኮምፒውተሩ የሰጠውን አንድ መልስ ብቻ አይመኑ።

ስሌቱን በእጅ ማረጋገጥም ይልመዱ። በሽሉምበርዠር የኤሌክትሮድ አዘረጋግ የኤ-ቢ (ከረንት የሚያስገቡት ኤሌክትሮዶች ርቀት) ግማሽ 100 ሜትር፣ የኤም-ኤን (ቮልቴጅ የሚለኩት ኤሌክትሮዶች ርቀት) ግማሽ 10 ሜትር ቢሆን፣ 10,000 ሲቀነስ 100 በፓይ ተባዝቶ ለ20 ሲካፈል 1,555 ይሆናል። ቮልቴጁ 20 ሚሊ ቮልት፣ ከረንቱ 400 ሚሊ አምፔር ከሆነ መልሱ 78 ኦም ሜትር ነው። የኤ-ቢ ርዝመት ሁልጊዜ ከኤም-ኤን አምስት እጥፍና ከዚያ በላይ ይሁን። ኤም-ኤንን ሲያሰፉ በአሮጌውም በአዲሱም ርዝመት ቢያንስ ሁለት ነጥብ ደግመው ይለኩ፤ ካልሆነ ግራፉ የት እንደተሰበረ አያውቁም። በበጋ መሬቱ ስለሚደርቅ ኤሌክትሮዱ ዙሪያ የጨው ውሃ ያፍስሱ፤ ከተማ ውስጥ ደግሞ ገመዱን ከብረት ቧንቧና ከሽቦ አጥር ጎን ለጎን አይዘርጉ፤ አቋርጦ ይለፍ።

ጥያቄ፦ ፒያሳ የምኖር አስጎብኚ ነኝ። ጎብኚዎች ስለ ጎንደር የጥንት የመሬት መንቀጥቀጥ ይጠይቁኛል። የሚታመን መጽሐፍ አለ?

መልስ፦ አለ። የአባ ፒየር ጉዌን «ኧርዝክዌክ ሂስትሪ ኦፍ ኢትዮፒያ ኤንድ ዘ ሆርን ኦፍ አፍሪካ» እ.ኤ.አ. በ1979 በካናዳው የዓለም አቀፍ ልማት ምርምር ማዕከል ታትሟል፤ በማዕከሉ ዲጂታል ቤተ መጻሕፍትም ይገኛል። ደራሲው የአዲስ አበባውን ጂኦፊዚካል ኦብዘርቫቶሪ የመሠረቱ ሰው ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1961 የካራ ቆሬን፣ በ1969 የሰርዶን ነውጥ በሚገባ ይዘግባል።

ሲያነቡት ሁለት ነገር ልብ ይበሉ። መሣሪያ ባልነበረበት ዘመን የሚመዘገበው ነውጥ ጸሐፊ ባለበት ቦታ የተሰማው ነው። ቤተ መንግሥቱ ጎንደር ሳለ ከጎንደር የመጡ ዘገባዎች ቢበዙ ያን ጊዜ ምድሩ ይበልጥ ይናወጥ ነበር ማለት አይደለም። ሁለተኛው የዘመን አቆጣጠር ነው። ዜና መዋዕል በኛ አቆጣጠር፣ መጽሐፉ በፈረንጅ ስለሆነ ልዩነቱ 7 ወይም 8 ዓመት ነው። ወሩን ሳያዩ የሚቀይሩ ጸሐፊዎች አንዱን ነውጥ ሁለት ያደርጉታል፤ ስለዚህ ለጎብኚ ዓመት ሲጠቅሱ በየትኛው አቆጣጠር እንደሆነ አብረው ይናገሩ።