ሐኪምዎን ይጠይቁ፦ ኡዋባይን፣ ጂ-ስትሮፋንቲን፣ ዲጎክሲን... የትኛው ስም የየትኛው ነው?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ ዶክተር። አባታችን 71 ዓመታቸው ነው፤ የልብ ድካም አለባቸው። ባለ 0.25 ሚሊግራሙን ዲጎክሲን በቀን ግማሽ ፍሬ፣ ሽንት ከሚያሸናው ላሲክስ ጋር ይወስዳሉ። ጀርመን የምትኖረው እህቴ «ጂ-ስትሮፋንቲን» የሚል ጠብታ ላከችልን፤ ከዲጎክሲን ይሻላል፣ ተፈጥሯዊም ነው ትላለች። ፋርማሲ ስጠይቅ «ይሄ ኡዋባይን ነው» አሉኝ። ጎረቤታችን ጋሼ ደግሞ «እሱማ ከቀራሩ ዛፍ የሚወጣ ነው፤ ቅጠሉን አፍልቶ መጠጣት እያለ ምን ገንዘብ ያስወጣል» አሉን። ስሙ ግራ አጋባን። ጠብታውን ብንሰጣቸውስ? (ከአዳማ)

መልስ፦ ጠብታውን አይስጧቸው። ዲጎክሲኑንም በራስዎ አያቋርጡ። የቀራሩ ቅጠል ደግሞ ጭራሽ እሳት ላይ እንዳይጣድ። ወደ ስሞቹ እንሂድ፤ የቤተሰባችሁ ግራ መጋባት ከዚያ የመጣ ነውና።

ፋርማሲው ልክ ነው። ኡዋባይንና ጂ-ስትሮፋንቲን አንድ ውህድ ናቸው። ሁለት ስም የወጣለት ከሁለት ተክል ስለተገኘ ነው። በ1888 እ.ኤ.አ. አርኖ የተባለ ፈረንሳዊ ኬሚስት ከምሥራቅ አፍሪካ ከመጣ የአኮካንቴራ እንጨት ለይቶ አወጣው። ሶማሌዎች የቀስት መርዙን «ዋባዮ» ይሉታል፤ ፈረንሳዮቹ በራሳቸው አጻጻፍ ጻፉትና ኡዋባይን ሆኖ ቀረ። ይኸው ውህድ ስትሮፋንተስ ግራተስ ከሚባል የምዕራብ አፍሪካ ሐረግ ፍሬም ይገኛል። «ጂ» የምትለዋ ፊደል የግራተስ መነሻ ናት። ስትሮፋንተስ ኮምቤ ከሚባለው ወንድሙ የሚወጣው ደግሞ ኬ-ስትሮፋንቲን ነው፤ እሱ የበርካታ ውህዶች ድብልቅ እንጂ አንድ ነገር አይደለም። ስለዚህ ጠርሙስ ላይ ፊደሏ ተዘልላ «ስትሮፋንቲን» ብቻ ከተጻፈ ውስጡ ምን እንዳለ አልነገረዎትም ማለት ነው።

ዲጎክሲን ከነዚህ ሁሉ ሌላ ነው። በ1930 እ.ኤ.አ. ሲድኒ ስሚዝ የተባለ እንግሊዛዊ ኬሚስት ዲጂታሊስ ላናታ ከሚባል የአውሮፓ አበባ ቅጠል አገኘው። ዲጂቶክሲን የሚባልም አለ፤ በስም ይቀራረባሉ፣ በጠባይ ግን ይራራቃሉ። ዲጎክሲን በአብዛኛው በኩላሊት ይወጣል፤ ኩላሊቱ ደህና በሆነ ሰው በአንድ ቀን ተኩል ወይም በሁለት ቀን ውስጥ ግማሹ ከሰውነት ይወገዳል። ዲጂቶክሲን ግን በዋናነት በጉበት በኩል ስለሆነ ግማሹ ለመውጣት አንድ ሳምንት ያህል ይፈጅበታል። አንዱን ለሌላው የቀየረ ሰው መርዙን ቀስ በቀስ ሲያጠራቅም ሊከርም ይችላል። የመድኃኒት ስም በቃል አይያዝም፤ ካርቶኑ ላይ ያለውን ፊደል በፊደል ይገልብጡ።

አሁን ወደ ጋሼ። ግማሹን ልክ ናቸው። በኦሮምኛ ቀራሩ፣ በአማርኛ ምረንዝ የሚባለው ዛፍ አኮካንቴራ ሺምፔሪ ነው። ስሙ የመጣው በ19ኛው ክፍለ ዘመን እኛ አገር ኖሮ በ1878 እ.ኤ.አ. አድዋ ከሞተው ከጀርመናዊው የዕፅዋት ሰብሳቢ ከሺምፐር ነው። ዛፉ ኡዋባይንም ቤተ ዘመዶቹም አሉት፤ ምሥራቅ አፍሪካ ውስጥ አዳኞች ለቀስታቸው የሚጠቀሙበት ነው። (ለነገሩ ይህን የሚያውቀው ሰው ብቻ አይደለም። በአካባቢያችን የሚኖር ባለ ጎፈር ትልቅ አይጥ የዛፉን ልጥ አኝኮ የጎኑን ፀጉር ይቀባዋል፤ የነከሰው ውሻ ይታመማል፣ ሊሞትም ይችላል።) ጋሼ የሳቱት መጠኑን ነው። በአንድ ቅጠል ውስጥ ያለው ከዛፍ ዛፍ፣ ከወቅት ወቅት ይለያያል። በሚሊግራም ክፍልፋይ የሚለካ መድኃኒት በጀበና አይመተርም።

የእህትዎም ሐሳብ ከባዶ የተነሳ አይደለም። ጀርመን ውስጥ ስትሮፋንቲን በደም ሥር ለአሥርት ዓመታት ለልብ ሕመምተኛ ይሰጥ ነበር። በደም ሥር የሆነው ያለ ምክንያት አይደለም፤ ኡዋባይን ተውጦ ከአንጀት ወደ ደም የሚገባው እጅግ ጥቂት ነው፣ የሚገባውም ከሰው ሰው ይለያያል። በመርፌ 0.25 ሚሊግራም ይሰጥ የነበረው፣ የሚዋጠው እንክብል 3 ሚሊግራም ነበር። በዚህ ልክ የስም ስሕተት ቢፈጠር ያስቡት፦ 3 ሚሊግራም ዲጎክሲን ማለት ባለ 0.25ቱን 12 ፍሬ ባንድ ጊዜ መዋጥ ነው። ጠርሙሱ ላይ «ዲ4» የሚል ካለ ደግሞ የሆሚዮፓቲ ዝግጅት ነው፤ አሥር ሺህ ጊዜ ተበርዟል ማለት ነው። ያኔ አደጋው ጠብታው ውስጥ ያለው ሳይሆን አባትዎ «ይሻላል» ተብለው ዲጎክሲናቸውን መተዋቸው ነው። በዛሬው የልብ ድካም ሕክምና መመሪያ ኡዋባይን ቦታ የለውም። ዲጎክሲንም ቢሆን ዕድሜ እንደሚያረዝም አልተረጋገጠም፤ በ1997 እ.ኤ.አ. የታተመው ትልቁ ጥናት ያሳየው ሆስፒታል መተኛትን እንደሚቀንስ ነው። ለአባትዎ የታዘዘው መጠኑ ታውቆ፣ በምርመራ ክትትል ሊደረግበት ስለሚችል ነው።

ሁለቱን ማደባለቅ ለምን ይከፋል? የሚይዙት አንድ ቦታ ስለሆነ። በልብ ሴል ሽፋን ላይ ሦስት ሶዲየም አውጥቶ ሁለት ፖታሲየም የሚያስገባ ፓምፕ አለ። ዴንማርካዊው የንስ ስኩ በ1957 እ.ኤ.አ. አገኘው፤ ለዚህም በ1997 እ.ኤ.አ. የኖቤል ሽልማት ተካፈለ። ኡዋባይንም ዲጎክሲንም ይህን ፓምፕ ያግዱታል። ሶዲየም ውስጥ ይጠራቀማል፣ እሱን ተከትሎ ካልሲየም ይበረክታል፣ ልብም ጠንክሮ ይጨመቃል። እስከዚህ መድኃኒት ነው። ትንሽ ካለፈ ግን ምቱ ይዘበራረቃል። በመድኃኒትና በመርዝ መካከል ያለው ክፍተት ጠባብ ስለሆነ፣ በላዩ ሌላ ስም ያለው ያንኑ ዓይነት ነገር ሲጨምሩበት ይሞላል።

ላሲክሱን አይርሱት። በሽንት ፖታሲየም ያስወጣል። ፖታሲየም ደግሞ ፓምፑ ላይ ከዲጎክሲን ጋር ይሻማል፤ እሱ ሲጎድል ዲጎክሲኑ ያለ ተቀናቃኝ ፓምፑን ይይዛል። ስለዚህ አባትዎ ተቅማጥ ወይም ትውከት ይዟቸው ሁለት ቀን ከሰነበቱ፣ ያው የለመዱት ግማሽ ፍሬ ሊበዛባቸው ይችላል። «ሙዝ ይብሉ» ብሎ ቤት ውስጥ ማከም አያዋጣም፤ ስፓይሮኖላክቶን (ፖታሲየም የሚያስቀር የሽንት መድኃኒት) ከጨመሩላቸው ፖታሲየሙ ተቃራኒውን ከፍ ሊል ይችላልና በደም ምርመራ ይታይ። አሚዮዳሮን፣ ቬራፓሚል ወይም ክላሪትሮማይሲን ሲታዘዝላቸውም ዲጎክሲን እንደሚወስዱ አስቀድመው ይናገሩ፤ ሦስቱም በደም ውስጥ ያለውን መጠን ከፍ ያደርጉታል።

ቤት ውስጥ የሚደረገው ይህ ነው። ጠዋት ኪኒኑን ሳይውጡ፣ አምስት ደቂቃ ካረፉ በኋላ፣ ሁለት ጣትዎን ከአውራ ጣታቸው ሥር አንጓው ላይ ያሳርፉና አንድ ደቂቃ ሙሉ ይቁጠሩ። አሥራ አምስት ሰከንድ ቆጥሮ በአራት ማባዛት ምቱ ለሚዛባ ሰው ያሳስታል። ከ60 በታች ከሆነ የዕለቱን አይስጡ፣ ለሐኪማቸው ይደውሉ። የቀኑን ቢረሱትና ከመውሰጃ ሰዓቱ ወዲህ 12 ሰዓት ካልሞላው ይውሰዱት፤ ካለፈ ይዝለሉት፣ በማግስቱ ሁለት አይደርቡ። ግማሹን በጥርስ ወይም በቢላ ሳይሆን ፋርማሲ በሚሸጠው የኪኒን መቁረጫ ይክፈሉት፤ ፍሬዋ ትንሽ ስለሆነች አንዱ ግማሽ ከሌላው በዓይን ሳይታወቅ ይበልጣል። ካርቶን ሲቀየር «250 ማይክሮግራም» የሚል ቢያዩ ከ0.25 ሚሊግራም ጋር እኩል ነው፤ አዲስ ጥንካሬ መስሎዎት እንዳይቀንሱ።

ምግብ መጥላት፣ ማቅለሽለሽ፣ ማዞር፣ ነገሮች ቢጫ ወይም አረንጓዴ መስለው መታየት፣ ግራ መጋባት... ከነዚህ አንዱ እንኳ ቢመጣ ቀጠሮ አይጠብቁ። በአረጋውያን ላይ ብዙ ጊዜ ቀድሞ የሚታየው ምግብ መጥላቱ ነው፤ «ጨጓራ ነው» ተብሎ የሚታለፈውም እሱ ነው። ጠብታውን ወይም ቅጠሉን ቀምሰው ከሆነ በግድ አያስታውኳቸው፣ ወተት አይጋቷቸው፤ ጠርሙሱን ወይም ቅርንጫፉን ይዘው ወደ ቅርቡ ሆስፒታል ይሂዱ። ለሐኪሙ ስሙን ጥርት አድርገው ይንገሩ፦ የዲጎክሲን የደም ምርመራ ኡዋባይንን በአግባቡ አያነብም፣ ቁጥሩ ዝቅ ብሎ ሊያዘናጋ ይችላል። ኢሲጂ (የልብ ኤሌክትሪክ ምርመራ) እና ፖታሲየም የበለጠ ይናገራሉ። ዲጎክሲንን የሚይዘው ፀረ-መድኃኒት ውድ ነው፤ በየሆስፒታሉ አይገኝም።

ስለ ዛፉ አንድ ልጨምር፣ ልጆች ካሉ። ምረንዝና አጋም አንድ ቤተሰብ ናቸው። ሁለቱም ነጭና ሮዝ የሚመስል መዓዛማ አበባ፣ ጥንድ ጥንድ ሆኖ የሚወጣ ወፍራም ቅጠል፣ ሲቆረጥ የሚወጣ ነጭ ፈሳሽ፣ በስሎ ወደ ጥቁር የሚያደላ ፍሬ አላቸው። መለያው እሾህ ነው። «ከአጋም የተጠጋ ቁልቋል ሲያለቅስ ይኖራል» የተባለው አጋም ስለሚወጋ ነው፤ ምረንዝ አይወጋም። እሾህ ከሌለው ቁጥቋጦ ላይ ልጁ ፍሬ እንዳይለቅም፣ ጥሬውን በተለይ።

ጠብታውን እስከ ቀጠሮው ልጅ የማይደርስበት ቦታ ቆልፈው ያስቀምጡት። ሲሄዱ የአባትዎን መድኃኒቶች በሙሉ፣ ጠብታውንም ጨምሮ፣ በአንድ ፌስታል ይዘው ይቅረቡ። ክሬያቲኒን (የኩላሊት ምርመራ)፣ ፖታሲየምና የዲጎክሲን መጠን ይለካ ብለው ይጠይቁ። ለልብ ድካም የምንፈልገው የዲጎክሲን መጠን ከ0.5 እስከ 0.9 ናኖግራም በሚሊሊትር ነው። ደሙ መቀዳት ያለበት ኪኒኑ ከተወሰደ ቢያንስ 6 ሰዓት ካለፈ በኋላ ስለሆነ፣ የቀጠሮው ዕለት ጠዋት ሳይወስዱ ቢሄዱና ደም ከሰጡ በኋላ ቢውጡት ይቀላል።