የጊዜ መዛነፍ አምስት ደረጃዎች፦ ጥያቄዎቻችሁና መልሶቼ

ለልብ ወለድ ጸሐፊዎች እንዲጠቅም ብዬ የጊዜ መዛነፍን በአምስት ደረጃ ከፍያለሁ። አከፋፈሉ የራሴ ፈጠራ ነው። አንደኛው ጊዜ ሲዘገይ ወይም ሲፈጥን ነው። ሁለተኛው ሰው መሀሉን ሳይኖረው ወደ ፊት ሲዘል። ሦስተኛው ያው ቀን ሲደጋገም። አራተኛው ሰው ወይም መልእክት ወደ ኋላ ሄዶ ያለፈው ግን ሳይለወጥ ሲቀር። አምስተኛው ያለፈው ራሱ ሲለወጥ። ጥያቄ ስለበዛ እነሆ መልሱ።

ጥያቄ፦ ሺህ ዓመት ወደ ፊት መዝለል ሁለተኛ፣ መልእክትን አንድ ደቂቃ ብቻ ወደ ኋላ መላክ አራተኛ። አልተገላበጠም?

አልተገላበጠም። የምለካው የዓመቱን ብዛት አይደለም። ምክንያትና ውጤት ምን ያህል እንደተናጋ ነው። ሺህ ዓመት የዘለለ ሰው የማንንም ትናንት አይነካም። ወዳጅ ዘመዱ አልቆ፣ አገሩ ተለውጦ ይጠብቀዋል። ያሳዝናል፤ ግን ሁሉም በተራው ነው የሆነው። ከአንድ ደቂቃ በኋላ የሚወጣውን የሎተሪ ቁጥር አሁን በእጁ የያዘ ሰው ግን ውጤቱን ከምክንያቱ አስቀድሟል። ብዙ ጀማሪ የሚስተው እዚህ ላይ ነው። ዓመቱን ሲያበዛ ታሪኩ የከበደ ይመስለዋል።

ጥያቄ፦ አንደኛ ደረጃ በእውን አለ ይባላል። እውነት ነው?

አዎ፣ ስልክህ በየቀኑ ይጠቀምበታል። ያለህበትን ቦታ ለስልክህ የሚጠቁሙት የጂፒኤስ ሳተላይቶች ከምድር 20 ሺህ ኪሎ ሜትር ያህል ከፍ ብለው ይዞራሉ። ፍጥነታቸው ሰዓታቸውን በቀን 7 ማይክሮ ሰከንድ ገደማ ያዘገየዋል። እዚያ የመሬት ስበት ስለሚላላ ደግሞ 45 ያህል ያፈጥነዋል። ሲቀናነስ 38 ይቀድማል። ማይክሮ ሰከንድ የሰከንድ ሚሊዮንኛ ናት፤ ብርሃን ግን በ38ቱ ውስጥ ከ11 ኪሎ ሜትር በላይ ይጓዛል። ካልተስተካከለ ካርታህ ያስትሃል። በ1971 እ.ኤ.አ. ሳይንቲስቶቹ ጆሴፍ ሃፈሌና ሪቻርድ ኪቲንግ አቶሚክ የሚባሉ እጅግ ትክክለኛ ሰዓቶችን በመንገደኛ አውሮፕላን ይዘው ዓለምን ዞረዋል። ሲመለሱ ሰዓቶቹ መሬት ላይ ከቀሩት ጋር አልገጠሙም። ልዩነቱም ከአንስታይን ንድፈ ሐሳብ ጋር የተስማማ ነበር።

ጥያቄ፦ ከዋሽንግተን አዲስ አበባ ስገባ ሰባት ዓመት ወደ ኋላ እመለሳለሁ። ስንተኛ ልበለው?

ዜሮ። የተለወጠው ቁጥሩ ብቻ ነው። ሁለቱ አቆጣጠሮች የክርስቶስን ልደት በተለያየ ስሌት ስላስቀመጡት ነው ልዩነቱ የመጣው። የፓስፊክ ደሴት አገር ሳሞአም በ2011 እ.ኤ.አ. ቀን የሚለወጥበትን የካርታ መስመር ወገን ስትቀይር ከሐሙስ በቀጥታ ቅዳሜ ገብታለች። ከማንም ዕድሜ ላይ ግን ቀን አልጎደለም።

ጥያቄ፦ ለሁለተኛ ደረጃ እኛ ዘንድ የሚታወቅ ምሳሌ አለ?

አቤሜሌክ አለ! ኢየሩሳሌም በባቢሎናውያን እጅ ልትወድቅ ስትል ኤርምያስ በለስ እንዲያመጣ ይልከዋል። ከዛፍ ጥላ ሥር አረፍ ይላል፤ 66 ዓመት ይተኛል። ሲነቃ እንቅልፉን ያልጠገበ መስሎት ራሱ ይከብደዋል። ከተማ ሲገባ የሚያውቀው ሁሉ የለም። ለአማኝ ይህ ተአምር ነው፤ እኔም ደረጃ ልሰጠው አልደፍርም። አተራረኩ ግን ያስደንቀኛል። ቅርጫቱ ውስጥ ያለው በለስ አሁንም ትኩስ ነው። ያገኘው ሽማግሌ ደግሞ እርሻውን አሳይቶ ወቅቱ የበለስ አለመሆኑን ይነግረዋል። በዚያች ቅርጫት ሁለቱ ዘመናት ጎን ለጎን ይታያሉ፤ ማብራሪያ አያስፈልግም። ሁለተኛ ደረጃ የምትጽፉ ሁሉ እንዲህ ያለ በእጅ የሚዳሰስ ምስክር ፈልጉ።

ጥያቄ፦ ወደ ኋላ ሄዶ አያቱን የሚገድል ሰውስ?

እንደ አጨራረሱ ነው። የፊዚክስ ሊቁ ኢጎር ኖቪኮቭ፣ ወደ ኋላ መሄድ ቢቻል እንኳ የሚሆነው እርስ በርሱ የማይጣረሰው ብቻ ነው የሚል መርህ አለው። ጥይቱ ከከሸፈ ወይም የሞተው ሌላ ሰው ከሆነ አራተኛ ነው። አያቱ በእርግጥ ከሞተ አምስተኛ። አምስተኛን በአንድ ታሪክ ከአንዴ በላይ አልፈቅድም። ሁሉ ነገር መሰረዝ ከቻለ አንባቢ ለማን ይጨነቃል?

ጥያቄ፦ አራተኛው በሳይንስ ጨርሶ አይቻልም?

በስሌት በሩ አልተዘጋም። የሒሳብ ሊቁ ኩርት ጎደል በ1949 እ.ኤ.አ. የአንስታይንን ቀመሮች ይዞ፣ ወደ ራስ ትናንት የሚመልስ መንገድ ያለበት የሚሽከረከር ዩኒቨርስ አሳይቷል። የእኛው ግን እንደዚያ የሚሽከረከር አይመስልም። የፊዚክስ ሊቁ ስቲቨን ሆኪንግ በ1992 እ.ኤ.አ. የተፈጥሮ ሕግ ራሱ ይከለክለዋል የሚል ግምት አቀረበ። በ2009 እ.ኤ.አ. ለጊዜ ተጓዦች ግብዣ አዘጋጅቶ የጥሪ ወረቀቱን ግብዣው ካለፈ በኋላ ይፋ አደረገ። ማንም አልመጣም። እኔም ከሆኪንግ ጋር ነኝ።

ጥያቄ፦ ሦስተኛ ደረጃ ላይ የሚደጋገመውን ቀን ማንም ካላስታወሰውስ?

ደረጃ አልሰጠውም። ተደጋገመ የሚያሰኝ ማስረጃ የለማ! ቢያንስ አንድ ሰው ማስታወስ ወይም አንድ ዕቃ ሳይመለስ መቅረት አለበት። የሚያስታውሰው ሰው ጢሙ ያድጋል ወይስ በየጠዋቱ እንደ መጀመሪያው ቀን ይሆናል? እሱን ሳትወስኑ መጻፍ አትጀምሩ። ጢሙ ካደገ አካሉ ከዙሩ ውጪ ነው፣ እዚያው ቀን ውስጥ ሊያረጅም ይችላል።