ነርሷ ማናት?

ጥያቄ፦ ሰላም አዘጋጆች! በቀደም ማታ የሂችኮክን ሪር ዊንዶው ፊልም ሳይ ዋናዎቹን ትቼ ነርሷ ላይ ፈዝዤ ቀረሁ፣ ማናት ሴትየዋ? ኦስካርስ አግኝታለች?

መልስ፦ ቴልማ ሪተር ትባላለች፣ በ1902 እኤአ ብሩክሊን የተወለደች፣ ከልጅነቷ መድረክ ላይ የሰራች ናት። ፊልም ላይ የመጣችው ግን ዘግይታ ነው፣ በ1947 በ45 ዓመቷ፣ ያውም ስሟ እንኳን ሳይጻፍ፣ ለልጇ የመጫወቻ እሳት አደጋ መኪና ፍለጋ እግሯ የቀጠነ የገና ገበያተኛ ሆና፣ አለቀ። ከዛ በኋላ በረዳት ተዋናይት ዘርፍ 6 ጊዜ ለኦስካር ታጨች፣ ከነዛ ውስጥ 4ቱ በተከታታይ ዓመት፣ አንዱንም አልወሰደችም! በኔ በኩል ይሄ ግፍ ነው። ባይሆን ብሮድዌይ (የኒውዮርክ ቲያትር ሰፈር) ክሷታል፣ በ1958 ቶኒ የሚባለውን የቲያትር ሽልማት አግኝታለች፣ እሱንም እዛው ሙዚቃዊ ቲያትር ላይ አብራት ከሰራችው ከግዌን ቨርደን ጋር እኩል ወጥተው ነው የወሰዱት (ብቻዋን አይሰጧትም መቼስ 😅)።

ሪር ዊንዶው ላይ ያለችውን የቁርስ ሲን ግን ድገሚና እያት፣ ዋናው ሰውዬ እንቁላሉን ሊጎርስ ሲል እሷ ተገድላለች ብለው ስለሚጠረጥሯት ጎረቤት ሬሳ አቆራረጥ ታወራለች፣ ሹካው አየር ላይ ይቀራል፣ እሷ ምንም አልመሰላትም።