ስለ «ሶል ታይም!» ለጠየቃችሁኝ

ባለፈው የሻረን ጆንስና የዳፕ-ኪንግስን «ሶል ታይም!» የተባለ ስብስብ አልበም አንስቼ ነበር። ጥያቄው ጎረፈ። የቻልኩትን ያህል እነሆ። ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ እነማን ናቸው? ስማቸውን ሰምቼ አላውቅም።

መልስ፦ የብሩክሊን፣ ኒውዮርክ ባንድ ነው። ዳፕቶን በሚባለው አሳታሚ በኩል ሶልና ፈንክ የሚባለውን የ1960ዎቹንና የ70ዎቹን የጥቁር አሜሪካውያን ሙዚቃ በዚያው ዘመን አሠራር፣ በቴፕ ክር እየቀዱ ያወጡ ነበር። ዘፋኟ ሻረን በ1956 ኦገስታ፣ ጆርጂያ ተወለደች። ታዋቂው የሶልና የፈንክ ዘፋኝ ጄምስ ብራውን ያደገባት ከተማ ናት። ልጅ ሆና በቤተ ክርስቲያን ዘመረች። ካደገች በኋላ ግን እንጀራዋ ሌላ ነበር። በራይከርስ ደሴት እስር ቤት ጠባቂ ሆና ሠርታለች፤ ገንዘብ የሚያጓጉዝ መኪናም ጠብቃለች። ለዘፋኝነት አጭር ነሽ፣ ጥቁረትሽ በዛ፣ ወፍራም ነሽ፣ ዕድሜሽም ሄዷል ተብላለች። ከባንዱ ጋር የመጀመሪያ አልበሟ ሲወጣ 2002 ነበር፤ እሷም በአርባዎቹ አጋማሽ ላይ ነበረች።

ጥያቄ፦ ስብስብ ሲባል የተራረፈ ዘፈን ማራገፊያ አይደል?

መልስ፦ ብዙ ጊዜ ልክ ነህ። እዚህ ግን አይደለም። ዳፕቶኖች አልበም ብቻ አልነበረም የሚያወጡት። ነጠላ ዘፈን በትንሿ ሸክላ፣ በደቂቃ 45 ጊዜ በምትዞረው፣ ያሳትሙ ነበር። እሷን ደግሞ የሚገዛት ሸክላ ማጫወቻ ያለው ሰው ብቻ ነው። «ሶል ታይም!» በ2011 እንዲህ ተበታትነው የነበሩትን ሰብስቦ 12 አድርጎ አወጣቸው።

የመጀመሪያዎቹን ሁለት ተመልከት። «ጀኒዊን» ክፍል 1 እና ክፍል 2 ይላል። ለምን ተከፈለ? የትንሿ ሸክላ አንድ ገጽ የሚይዘው ሦስት አራት ደቂቃ ነው። ጭፈራው ሲደምቅ ደግሞ በሦስት ደቂቃ አያልቅም። ስለዚህ ዘፈኑ ለሁለት ይቆረጣል፤ ግማሹ በፊት ገጽ፣ ግማሹ በጀርባ። ጨፋሪው ቆሞ ሲጠብቅ አንዱ ሮጦ ሸክላዋን ይገለብጣል። ጄምስ ብራውንም ብዙ ዘፈኖቹን ያወጣው እንዲሁ ነው። እኛም ቤት ሸክላ እንዲህ ነበር። አምሃ እሸቴ ከ1969 ጀምሮ ያሳተማቸው አብዛኞቹ ሁለት ዘፈን የያዙ ትንንሽ ሸክላዎች ናቸው።

ጥያቄ፦ ከየትኛው ዘፈን ልጀምር?

መልስ፦ ከገናው ዘፈን ጀምሪ። ርዕሱ በእኛ አፍ «በመንግሥት ፎቅ ውስጥ ጭስ ማውጫ የለም» እንደ ማለት ነው። የድሃ ሰፈር ልጅ ግራ ገብቷታል። የገና አባት በጭስ ማውጫ ነው የሚገባው ይባላል። የእነሱ አፓርታማ ጭስ ማውጫ የለውም። ታዲያ ስጦታውን ማን አስቀመጠው? እናቷን ትጠይቃለች። ስለ ድህነት አንድም የምሬት ቃል ሳይነገር ሁሉም ነገር ይገባሻል። እኔ ሐምሌም ላይ እሰማዋለሁ።

ከዚያ «ሁላችንም ግብር መክፈል ብናቆምስ?» የሚለውን ስሚ። ጦርነቱን በማን ገንዘብ ይዋጉታል ነው ነገሩ። የአሜሪካዊውን ሙዚቀኛ የሹጊ ኦቲስን የ1974 ዘፈንም በራሳቸው ስልት ሠርተውታል፤ ለስለስ ይላል።

ጥያቄ፦ ከኤሚ ዋይንሃውስ ጋር የሠሩት እነዚህ ናቸው?

መልስ፦ አዎ፣ ራሳቸው ናቸው። በ2006ቱ የኤሚ አልበም «ባክ ቱ ብላክ» ላይ ብዙዎቹን ዘፈኖች ያጀበው ዳፕ-ኪንግስ ነው።

ጥያቄ፦ ይቅርታ፣ ግን ይሄ የድሮ ሙዚቃ ኮፒ አይደለም?

መልስ፦ ይሄ ጥያቄ ያንገበግበኛል። ኮፒ የሚባለው ያልኖሩበትን ሲያስመስሉ ነው። ጄምስ ብራውን ሲገን ሻረን ልጅ ነበረች። በሙዚቃው ያደገች ሰው ናት። አቀዳዳቸውንም ልብ በል። ስምንት ትራክ (የድምፅ መስመር) ብቻ ባለው የክር መቅጃ ሲቀዳ በኋላ ተጎትቶ የሚስተካከል ነገር ጥቂት ነው። ድራሙ፣ ቤዙ፣ ሳክስፎኑ አንድ ክፍል ውስጥ ተያይተው ይጫወታሉ። አንዱ ከሳተ ሁሉም እንደገና ይጀምራሉ። ያ መጠባበቅ በጆሮ ይሰማል።

ጥያቄ፦ ከኛ ሙዚቃ ጋር የሚያገናኘው ነገር አለ?

መልስ፦ አለ። በዚያው በዳፕቶን ሥር የነበረው ቡዶስ ባንድ ከኢትዮ ጃዝ፣ በተለይም ከሙላቱ አስታጥቄ ብዙ ቀድቷል። በኛ በኩል ደግሞ ዓለማየሁ እሸቴ «የኢትዮጵያው ጄምስ ብራውን» ይባል የነበረው በከንቱ አይደለም። ሁለቱ ወንዞች ምንጫቸው ይቀራረባል።

ጥያቄ፦ አሁንም ትዘፍናለች?

መልስ፦ አይ እህቴ፣ አርፋለች። በ2013 ካንሰር ተገኘባት። ታክማ በ2014 ወደ መድረክ ስትመለስ ፀጉሯ አልቆ ነበር፤ ዊግ ሳታደርግ፣ በባዶ ራሷ ዘፈነች፤ ጨፈረችም። ኖቬምበር 18 ቀን 2016 በ60 ዓመቷ አረፈች። በዚህ ስብስብ ውስጥ «ሎንገር ኤንድ ስትሮንገር» የሚል ዘፈን አለ። ስላለፈው ሃምሳ ዓመቷና ገና ስለሚመጣው ሃምሳ ነው የምትዘፍነው። እሱን ስሰማ ድምፁን ከፍ አደርገዋለሁ።