«ቀለብ ተቆረጠላት» ወይስ «ተቆረጠባት»?

ጥያቄ፦ እህቴና ባሏ ተለያይተው ይኖራሉ፤ የፍቺው ጉዳይ ገና ፍርድ ቤት ነው። ባሏ በየወሩ ገንዘብ እንዲሰጣት ታዟል፤ ትእዛዙ «ቀለብ» ይለዋል። እሷ «የምቀለብ በግ ነኝ እንዴ?» ብላ ከፋት። «ድጎማ» ቢባል አይሻልም? ደግሞስ «ቀለብ ተቆረጠላት» ማለት ተሰጣት ነው ወይስ ተከለከለች?

መልስ፦ እህትዎ ቢከፋቸው አይፈረድባቸውም። እውነት ነው፣ ሙክትም ይቀለባል። ግን ቃሉን ለሙክት ትተን አንሄድም። ቀለብ ይሰፈራል። በቁና የተሰፈረ ነገር ደግሞ መጠኑ የታወቀ ነው፤ ቢጎድል ባለመብቱ ይጠይቃል። ድጎማ እንዲህ አይደለም። ደጓሚው ሲፈቅድ ይሰጣል፣ ሲያሻው ያነሳል። ነዳጅ ይደጎማል፤ ሚስት ግን አትደጎምም።

«ቀለብ እህል ነው፤ የቤት ኪራይና የሐኪም ቤት ወጪ እንዴት ቀለብ ይባላል?» የሚሉ አሉ። አልስማማም። የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) ቀለብ ሲል ምግቡንም፣ መኖሪያውንም፣ ልብሱንም፣ ሕክምናውንም፣ ትምህርቱንም ይጨምራል። የፍቺ አቤቱታ ሲቀርብ ፍርድ ቤቱ ስለ ተጋቢዎቹ ቀለብ ወዲያው ትእዛዝ እንዲሰጥ በአንቀጽ 82 ተደንግጓል። ተጋቢዎች ነው የሚለው፤ ችግር ላይ ከወደቀ ባልም መጠየቅ ይችላል። መለያየትና መፋታትም አንድ አይደሉም። ፍቺው እስኪወሰን ድረስ እህትዎ ሚስት ናቸው፤ የሚቀበሉትም ሚስት ስለሆኑ ነው። ከፍቺ በኋላ፣ ለትዳሩ መፍረስ ምክንያት የሆነው ወገን ለሌላው እንዲከፍል ቢታዘዝ ስሙ ካሳ ነው። የልጆቹ ግን ያኔም ቀለብ ነው።

ስለ ቃሉ ዘር ሳልናገር አላልፍም። «ቀለበ» መገበ ማለት ነው፤ የተወረወረን በአየር ላይ ያዘ ማለትም ነው፤ ኳስ ይቀለባል። ማስረጃው ቀጭን ቢሆንም እኔ ሁለቱን ከአንድ ግንድ ነው የማያቸው፦ አንዱ ይሰጣል፣ ሌላው ይቀበላል። ቀለበትንም ከዚሁ የሚያወጡ አሉ። ቀለበት ያሰረ ቀለብ ይስፈር ለማለት ያመቻል፤ በድምፅ መመሳሰል ብቻ ግን ዘር አይቆጠርም። ቀልብ ደግሞ ከዐረብኛ የመጣ ሌላ ቃል ነው። ማመልከቻ ላይ «ቀልብ ይቆረጥልኝ» ተብሎ ተጽፎ አይቻለሁ። በአንዲት ፊደል የሴትዮዋ መብት ሌላ ነገር ሆኖ ቀረ፤ ያሳዝናል።

አሁን ወደ «ቆረጠ»። ብዙዎች ማጉደል ብቻ ይመስላቸዋል፤ መወሰንም ነው። ቀን ይቆረጣል፣ ዋጋ ይቆረጣል። «ደመወዝ ቆረጠለት» ሲባል ተመነለት ነው፤ «ደመወዙን ቆረጠበት» ሲባል ቀነሰበት ነው። ትርጉሙን የሚሸከሙት «ለ» እና «በ» ናቸው፤ የመጀመሪያው ለጥቅም፣ ሁለተኛው ለጉዳት። «ተፈረደላት» እና «ተፈረደባት» እንደምንለው ማለት ነው። ስለዚህ «ቀለብ ተቆረጠላት» ካሉ ተወሰነላት ማለት ነው፤ ትክክል ነው።

እኔ ብጠየቅ «ቀለብ ተሰፈረላት» እላለሁ። ጥርት ያለ ነው፤ ለሁለት ትርጉም አይመችም። ግን ዛሬ በቁና የሚሰፍር ባል የለም፤ ገንዘቡ በባንክ ነው የሚገባው። ዳኛውም፣ ጠበቃውም፣ ራይተሩም «ተቆረጠላት» ነው የሚሉት። ቅር እያለኝም ቢሆን እቀበላለሁ።

ባልየው መክፈል ካቆመ ግን አቤቱታው ላይ «ቀለቤን ቆረጠብኝ» ብለው እንዳይጽፉ ይንገሯቸው። በእጅ ጽሑፍ «ብ» እና «ል» ይመሳሰላሉ፤ በችኮላ ያነበበ ሰው «ቆረጠልኝ» ሊለው ይችላል። «አቋረጠብኝ» ይበሉ፤ ከየትኛው ወር ጀምሮ እንደሆነም አብረው ይጻፉ።