ጃፓንኛ ባንኮኒ ላይ፦ ጥያቄና መልስ ከኖረን ጋር

ኖረን፦ እንደምን አመሻችሁ። ቶኪዮ ስኖር 11 ዓመቴ ነው። አራቱን ዓመት ኢዛካያ (የጃፓን መጠጥ ቤት ነው) ወጥ ቤት ውስጥ ሳህን ሳጥብና ዶሮ እንጨት ላይ ስሰካ ነው ያሳለፍኩት። አሁን ማታ ማታ እንግዳ ይዤ ሦስት ቤት አዞራለሁ። ሦስት ሰዓት ይፈጃል። ከስድስት ሰው በላይ አልወስድም፤ ባንኮኒው አይበቃም። የምንወጣው ለመስከር ሳይሆን ጃፓንኛ ለማውራት ነው።

ስሜን ለምትጠይቁ፦ ኖረን የመጠጥ ቤት በር ላይ የሚንጠለጠለው ጨርቅ ነው። ከተሰቀለ ቤቱ ክፍት ነው፣ ከወረደ ዘግተዋል። በእኛም ቋንቋ ያስኬዳል፤ ይኸው ኖረን።

አንድ ማሳሰቢያ፦ መንገድ ላይ "ና ግባ፣ ርካሽ ነው" የሚላችሁን ሰው አትከተሉ። በተለይ ካቡኪቾ የሚባለው የማታ መዝናኛ ሰፈር። እስከ መጨረሻው ባቡር እመልሳለሁ፣ ጠይቁ።

ሚሚ ሐዋሳ፦ ኢዛካያ እንደኛ ግሮሰሪ ነው?

ኖረን፦ ግሮሰሪና ምግብ ቤት ተጋብተው የወለዱት በይው። ጃፓኖች መጠጥ ብቻውን አይጠጡም፣ ትንንሽ ሳህን እየተደረደረ ነው። ከተቀመጥሽ በኋላ ያላዘዝሽው ትንሽ ሳህን ይመጣል። ተሳስተው አይደለም፣ ግብዣም አይደለም። ኦቶሺ ይባላል። ከ300 እስከ 500 የን አካባቢ ሂሳብሽ ላይ ይደመራል፣ የመቀመጫ መሆኑ ነው። እሱን ይዞ ከአሳላፊ ጋር የሚጨቃጨቅ ሐበሻ በዓይኔ አይቻለሁ። አትጨቃጨቁ።

አዳማ 21፦ ጃፓንኛዬ ዜሮ ነው። በአንድ ማታ ምን ልማር ነው?

ኖረን፦ ቋንቋውን አትማርም። አፍህን መክፈት ትማራለህ። እኔ እንዲህ ነው የማደርገው፦ አንደኛው ቤት እኔ አዛለሁ፣ እናንተ ትሰማላችሁ። ሁለተኛው ቤት አብረን እናዛለን። ሦስተኛው ቤት አፌን እዘጋለሁ። የራበው ይናገራል።

በር ላይ "ስንት ናችሁ?" ይባላል። ሁለት ከሆናችሁ "ፉታሪ ዴስ"። አሳላፊ መጥራት ሲያስፈልግ "ሱሚማሴን!" ጮክ ብሎ፤ ማጨብጨብ የለም። ገና ስትቀመጥ "ቶሪያኤዙ ናማ"፣ ማለትም "ለጊዜው ድራፍት"። ናማ ጥሬ ማለት ነው። ምን እንደምትበላ ካላወቅህ "ኦሱሱሜ ዋ?" በል፣ ጥሩ የምትሉት ምንድን ነው እንደማለት። መጨረሻ ላይ "ኦካይኬ ኦኔጋይሺማስ"፣ ሂሳብ።

ግን ትምህርቱ ያለው ሆፒ ላይ ነው። ሆፒ በፈረንጅ አቆጣጠር ከ1948 ጀምሮ ያለ ቢራ ቢራ የሚል መጠጥ ነው። ለብቻው አያሰክርም ማለት ይቻላል። ብርጭቆ ውስጥ በረዶና ሾቹ የሚባል አረቄ ይመጣል፣ ጎኑ ጠርሙሱ። ራስህ ቀላቅለህ ትጠጣለህ። ሁልጊዜ አረቄው ቀድሞ ያልቃል፣ ጠርሙሱ ይተርፋል። ያኔ ብርጭቆህን ከፍ አድርገህ "ናካ!" ትላለህ። ናካ ውስጥ ማለት ነው፣ አረቄው ማለት ነው። ጠርሙሱ ካለቀ ደግሞ "ሶቶ!"፣ ውጭ። ባለፈው አንዲት ልጅ ይዤ ሄጄ ነበር። አንድ ሰዓት ሙሉ ትንፍሽ አላለችም። ብርጭቆዋ ውስጥ በረዶ ብቻ ሲቀር አየሁ፣ ዝም አልኩ። አሳላፊው ሁለቴ አለፋት። በሦስተኛው "ናካ!" ብላ ስትጮህ አጠገቧ ያለው ሽማግሌ አጨበጨበላት። ውስጥና ውጭ የሚሉትን ቃላት ከዚያ በኋላ የምትረሳቸው አይመስለኝም።

ቆቅ፦ በስንት ወር ይለመዳል?

ኖረን፦ ምኑ?

ቆቅ፦ ጃፓንኛ።

ኖረን፦ በቀን ስንት ሰዓት? ለምን ጉዳይ? የት ሆነህ? እንዲህ ሆኖ ሲመጣ እመልሳለሁ።

የፍልውሃ ልጅ፦ ጋሽ ኖረን፣ እንግሊዝኛዬ ደካማ ነው። ጃፓንኛ የሚያስተምሩት ሁሉ በእንግሊዝኛ ነው። ተስፋ ልቁረጥ?

ኖረን፦ ይህችን ጥያቄ ነበር የምጠብቀው። ጃፓንኛን በእንግሊዝኛ በኩል መማር ከአራት ኪሎ ፒያሳ ለመሄድ አዳማ ዞሮ እንደመምጣት ነው። አንተ አማርኛ አለህ። ቁጭ በልና ስማኝ።

"እኔ ቢራ ጠጣሁ።" "ዋታሺ ዋ ቢይሩ ኦ ኖንዳ።" ግሱ መጨረሻ ላይ፣ ቢራው መሃል፣ እኔ መጀመሪያ። "ቢራውን" ስንል "ን" የምትሠራውን ሥራ እዚያ "ኦ" ትሠራለች። "ትናንት የመጣው ሰው" ልበል ካልክ "ኪኖ ኪታ ሂቶ"፦ ትናንት፣ የመጣ፣ ሰው። ምንም አላገላበጥክም። እንግሊዝኛ ተናጋሪው እዚህ ላይ ላብ ያጠምቀዋል።

ዋናው ግን ግሱ ጫፍ ላይ የሚመጣው "ቴ" ነው፣ አንዳንዴ "ዴ" ይሆናል። መጽሐፉ ገጽ ሙሉ ያብራራዋል። አንተ ግን ከእናትህ ጓዳ ጀምረህ ታውቀዋለህ፦ "በልቶ ጠጥቶ ሄደ"። "ታቤቴ፣ ኖንዴ፣ ካኤታ።" በልቶ፣ ጠጥቶ፣ ወደ ቤቱ ሄደ። አለቀ። ማንም አላስረዳኝም፣ አንድ ማታ ባንኮኒ ላይ ነው የገባኝ። ባለቤቲቱ የተጠበሰ ነገር አቀረበችልኝና "ታቤቴ ሚቴ" አለችኝ። ታቤቴ በልተህ፣ ሚቴ እየው። "ቀምሰህ እየው" ማለቷ እኮ ነው! የኔ እናት የምትለኝን ያለችኝ መሰለኝ። አጠገቤ የነበረው አውስትራሊያዊ "ማየትን እዚህ ምን አመጣው?" እያለ ሲደናገር እኔ ሁለተኛውን ጎርሼ ነበር።

ማጥበቅና ማላላትም አለህ። ገና ላልቶና ገና ጠብቆ እንደሚለያዩ ሁሉ "ኪቴ" ላልቶ መጥተህ፣ "ኪቴ" ጠብቆ ቴምብር ነው። ይህ በነፃ ነው። የሌለን የአናባቢ ርዝመት ነው። "ቢይሩ" ረዝሞ ቢራ፣ "ቢሩ" አጥሮ ሕንፃ። እኔ ጉድ የሆንኩት "ኦባሳን" ላይ ነው። አጥሮ አክስት፣ "ባ" ሲረዝም አያት። ሃምሳ ያልሞላት ባለቤት ላይ አክስቴ ብዬ ልቀርብ ነበር፣ "ባ"ን ሳብኳት። ባንኮኒው በሳቅ ፈረሰ። ከዚያ በኋላ ሦስት ወር ሙሉ "ማጎ" ነበር የምትለኝ፣ የልጅ ልጄ። እናንተ "ኦካሚሳን" በሉ፣ የቤቱ እመቤት እንደማለት። ወንዱን "ታይሾ" ወይ "ማስታ"። "አናታ"፣ ማለትም አንተ ወይ አንቺ፣ አትበሉ። ስም ካወቃችሁ ስሙ ላይ "ሳን"።

ጥበቡ፦ ስለዚህ አማርኛና ጃፓንኛ ዘመድ ናቸው ማለት ነው! እኔ ድሮም ብዬ ነበር።

ኖረን፦ አላልኩም። አማርኛ ሴማዊ ነው። ጃፓንኛ ሌላ ቤተሰብ ነው። ተመሳሰሉ እንጂ አልተዛመዱም።

ዝም ባይ፦ ግዕዝ እኮ ግሱን ፊት ማምጣት ይወዳል። አማርኛ ግሱን ወደ ኋላ የወሰደው ከአገውና ከሌሎቹ የኩሽ ቋንቋዎች ጋር ሲኖር ነው ይላሉ ሊቃውንቱ።

ጥበቡ፦ ፊደሉስ? ሂራጋናም እንደኛ "ካ ኪ ኩ" ነው የሚለው።

ዝም ባይ፦ ህንድም እንደዚያ ነው።

ኖረን፦ ሌላ ቦታ ሄዳችሁ ተከራከሩ። ለፊደል ግን ልክ ነው፣ ሀ ሁ የቆጠረ ሰው 46ቱን ሂራጋና አይፈራም። ቀጥሎ።

ሚሚ ሐዋሳ፦ ፆም ላይ ነው የምመጣው። የምበላው አገኛለሁ?

ኖረን፦ ሥጋና እንቁላሉን ታልፊዋለሽ። ተንኮለኛው ዳሺ ነው፣ ሾርባውና ወጡ ሁሉ ውስጥ የሚገባ የዓሣ መረቅ። ኤዳማሜ ያዢ፣ ከነልጣጩ የተቀቀለ አኩሪ አተር ነው። ሂያያኮ ቀዝቃዛ ቶፉ ነው፣ ግን አናቱ ላይ ካትሱኦቡሺ የሚባል በስሱ የተላገ ደረቅ ዓሣ ይበተንበታል። "ካትሱኦቡሺ ኑኪ ዴ" በይ። ኑኪ ሲቀር፣ ያለሱ ማለት ነው። የማትፈልጊው ነገር ሁሉ ላይ ትሠራለች።

ዲሲ ነኝ፦ ዓሣ እኮ የፆም ነው። ምን አስጨነቃት?

ቆቅ፦ ማን አለህ? ዓሣ አይበላም። አባቶች ከልክለዋል።

ዲሲ ነኝ፦ የእኛ ሰፈር ዓቢይ ፆም ላይ ዓሣ ቤት ሰልፍ ነው።

ቆቅ፦ ሰልፉ ሥርዓት ሆነ?

ኖረን፦ ንስሐ አባቷን ትጠይቅ። እኔ ወጥ ቤት ነው የሠራሁት፣ ቅኔ ማኅሌት አይደለም።

ጅዳ፦ እኔ ሙስሊም ነኝ፣ አልጠጣም። ከቡድኑ ጋር ልሂድ ቢባል?

ኖረን፦ ና። ሳይጠጣ የሚቀመጥ ሰው ብዙ ነው፣ ከቡድኑ ቶሎ የሚናገረውም እሱ ነው። ሁለት ነገር ልብ በል። "ኡሮንቻ" ሻይ ነው። "ኡሮንሃይ" ያው ሻይ ላይ አረቄ የተጨመረበት ነው። መልካቸው አንድ ነው! "ሃይ" ብሎ የሚያልቅ ሁሉ አልኮል አለበት። ሥጋው ሐላል አይደለም፣ ዶሮውም ጭምር። መረቁም ሚሪን የሚባል አልኮል ያለው ማጣፈጫ ይገባበታል። ኤዳማሜ ከሚሚ ጋር ትካፈላለህ።

ቀጭኔ፦ ቪዛ እንዴት ነው የሚገኘው?

ኖረን፦ ኤምባሲ።

ቀጭኔ፦ ስኮላርሺፕስ?

ኖረን፦ ኤምባሲ።

አዳማ 21፦ የት ሰፈር ይሻላል? ሺንጁኩ ይባላል።

ኖረን፦ ለፎቶ ሺንጁኩ። ጎልደን ጋይ ከ200 በላይ ቤት በስድስት ጠባብ መተላለፊያ ተጠቅጥቋል፣ አብዛኛው ቤት ጥቂት ሰው ብቻ ነው የሚይዘው። ብዙዎቹ የመቀመጫ ያስከፍላሉ፣ አብዛኛውን ጊዜ በር ላይ ይጽፉታል። ኦሞይዴ ዮኮቾ ከጦርነቱ በኋላ በጥቁር ገበያነት የጀመረ ነው፣ ጭሱ ደስ ይላል። ግን ሁለቱም ጋ እንግሊዝኛ ይመልሱልሃል። ያኔ ምን ተማርክ?

እኔ የምወስደው ታቴይሺ ነው። ብዙ ሐበሻ የሚኖርበት ካትሱሺካ ወረዳ ውስጥ ነው፣ ከዮትሱጊ አንድ ፌርማታ። እዚያ "ሴንቤሮ" የሚሉት አለ፣ በ1000 የን ሞቅ ብሎ መውጣት። ባንኮኒው ላይ ጡረተኞች ናቸው፤ እንግሊዝኛ የላቸውም፣ ጊዜ ግን አላቸው። ከየት መጣህ ይሉሃል። "ኤቺዮፒያ" ስትል አበበ ቢቂላ ይላሉ። በፈረንጅ በ1964 በቶኪዮ ኦሎምፒክ ሲሮጥ በዓይናቸው ያዩ አሉ። ከዚያ በኋላ ወሬው አይቆምም። ቶሎ ኑ ግን፣ ከጣቢያው በስተሰሜን ያለው ለአዲስ ሕንፃ ሲባል በ2023 ተዘግቶ መፍረስ ጀምሯል። አንዳንዱ ቤት ካርድ አይቀበልም፣ ጥሬ ገንዘብ ያዙ።

ቆቅ፦ ካቡኪቾ አንድ ሰውዬ በ3000 የን የፈለግከውን ያህል ጠጣ ይላል አሉ። እሱስ?

ኖረን፦ ቆቅ! መጀመሪያ ላይ ያሳሰብኩትን አላነበብክም? አትከተለው። ሂሳቡ አሥር እጥፍ ሆኖ ይመጣና በሩ ላይ ሁለት ሰው ይቆማል። ፖሊሱም ራሱ በድምፅ ማጉያ አትከተሉ እያለ ነው የሚያመሸው። "ኖሚሆዳይ"፣ ማለትም ያለ ልክ መጠጣት፣ ደህናው ቤትም አለው። ዘጠና ደቂቃ ወይ ሁለት ሰዓት ተብሎ ምናሌው ላይ ተጽፎ እንጂ መንገድ ላይ ተጠርቶ አይደለም።

ዲሲ ነኝ፦ ጉርሻ አለ? ቲፕ ማለቴ ነው።

ኖረን፦ የለም። ትተህ ብትሄድ ረሳህ ብለው ይዘው ይሮጡብሃል። እውነተኛው ጉርሻ ግን አለ። ጠርሙስ ቢራ ከሆነ የራስህን ብርጭቆ ራስህ አትሞላም። የጎረቤትህን በሁለት እጅ ይዘህ ትሞላለታለህ፣ እሱ ያንተን ይሞላል። ሲበቃህ "ዳይጆቡ ዴስ" በል። መጽሐፉ ደህና ነው ብሎ ይተረጉመዋል፤ ባንኮኒ ላይ ይብቃኝ ማለት ነው።

የፍልውሃ ልጅ፦ እኔ 19 ነኝ። ሳይክል ተከራይቼ ልምጣ?

ኖረን፦ ለመጠጥ 20 መሙላት አለብህ። ከ2022 ወዲህ አካለ መጠን 18 ሆኗል፣ መጠጡ ግን እዚያው 20 ላይ ነው። ኡሮንቻ ትጠጣለህ። ሌሎቻችሁ ጠጥታችሁ ሳይክል አትንዱ። ከፈረንጆቹ ኖቬምበር 2024 ጀምሮ እስከ ሦስት ዓመት እስር ወይም እስከ 500,000 የን ቅጣት አለው። ሳይክሉን ያዋሳችሁም ሰው ይጠየቃል።

የፍልውሃ ልጅ፦ እሺ ጋሼ። "ኡሮንቻ ኦ ኖንዴ ሚታ" ልክ ነው? ጠጥቼ አየሁት ለማለት።

ኖረን፦ ልክ ነው! በእንግሊዝኛ ብትማረው እዚህ ለመድረስ ወር ይፈጅብህ ነበር። አንተ ና፣ ሦስተኛው ቤት ላይ እኔ ሳልሆን አንተ ነህ የምታዘው። ባቡሬ መጣ፣ የመጨረሻው ነው። የቀረ ነገ።

ቀጭኔ፦ ጋሽ ኖረን፣ ኤምባሲው የት ነው?

ቆቅ፦ ሄዷል።